አሥራ ስድስት ካሬ

ሜክሲኮ፣ ሦስተኛ ፎቅ፣ ከሊፍቱ አጠገብ፣
አሥራ ስድስት ካሬ ይላል ውሉ ሲነበብ።
ካሬው ዘጠኝ መቶ፣ ቫቱ ሳይጨመር፤
ጣሪያውን ማን ያየዋል፣ ወለል ነው የሚቆጠር።

ሜትሬን ከአንገቴ አውርጄ ስለካ፣
እኔ የምቆምባት አሥራ ሁለት ናት ለካ!

«አራቷስ የት ገባች?» አልኩት ደምረውን፤
በስክሪብቶው ጫፍ አሳየኝ ደረጃውን፣
ኮሪደሩን፣ ሊፍቱን፣ የጋራ ሽንት ቤቱን፣
ሱቄን ለሁለት የከፈለውን ኮለን።
«ሁሉም ይካፈላል፤ ሂሳብ ነው» ብሎ ሄደ፣
በኔው አራት ካሬ ላይ እየተራመደ።

ገብቼ መቀሴን በንዴት ጨበጥኩ፤
የአስካለን ሱፍ ጉርድ በጠመኔው መስመር ቆረጥኩ።
ቁርጥራጩ ረገፈ ከጠረጴዛው ስር፣
አስካለ የማትለብሰው ግማሽ ሜትር።

ደረሰኙን ሞላሁ። ጥቂት ቆየሁና
ግማሹን ጨመርኩት፤
ሂሳብ ነውና።