ከመጨረሻው አውቶቡስ በፊት

"ካናዳ" ላልቶ ሲነበብ፣ ይኸው ደጅ ያለው በረዶ ነው፣
ጠብቆ ሲነበብ ደግሞ፣ የጎረቤቶቼ ቋንቋ ነው፤
የላላውን ነው የማውቀው።

ዊኒፔግ፣ የካቲት አጋማሽ፤ መስኮቱ እስከ ወገቡ ተቀብሮ፣
የምድር ቤቱ ደረጃ ላይ የብርድ ጫማ ተከምሮ፣
አንሶላ በምስማር ተወጥሮ፣
አቶ ናንጁንዳያ የዱሮ ማሽናቸውን ያጎርሳሉ፣
ሪሉን በሁለት ጣት ይዘው፣ እንደ ሕፃን፣ ቀስ እያሉ።

ፊልሙ ጥቁርና ነጭ ነው፤ ጭረቱ ዝናብ ያስመስለዋል፤
ጀግናው ገና አፉን ሳይከፍት ከኋላ ያለው ይቀድመዋል፤
ጥግ ይዘው ድንች የሚልጡት ወይዘሮ ሻራዳማ ሳይቀሩ
ጀርባቸውን ለአንሶላው ሰጥተው ከባላጋራው ተከራከሩ።
እኔ አንድ ቃል አልገባኝም። ግን ልጅቷ ጀልባው ላይ ስትወጣ
ትንፋሼ አልወጣ።

ከዚያ አንሶላው ነጭ ሆነ።
አለቀ።

"ሠርጉስ?" አሉ ሺሞጋ ያደጉት።
"የምን ሠርግ? ሰጥማለች!" አሉ ቱምኩር ያዩት፣
"ሃምሳ ዓመት ሙሉ ያለቀስንላት!"

አቶ ናንጁንዳያ መብራት አበሩ። ጉሮሯቸውን ጠረጉ።
"ቱምኩር፣ ማሽኑ ላይ የነበርኩት እኔ ነኝ።
ወደ መንደሬ የመጨረሻው አውቶቡስ አራት ሰዓት ላይ ነበር፤
ሻራዳ ነፍሰ ጡር ነበረች፤ ብቻዋን እንዳታድር
ሠርጉን ቆረጥኩት። አሥር ደቂቃ።"

ማንም አልተነፈሰ። የቢላዋው ድምፅ ቆመ።
"ታዲያ" አሉ ወይዘሮዋ፣ "ሌሊት ስምንት ሰዓት፣
በእግርህ ትመጣ የነበረው ምን ሆነህ ነው?"

መልስ አልሰጡም። ከመደርደሪያ የብስኩት ቆርቆሮ አወረዱ፤
ከውስጡ ጥቅሉን መዘዙ።
የልጅ ልጃቸው ቻይትራ ስልኳን አበራች ከሥሩ፤
ከእጅ ወደ እጅ ዞረ፤ መነጽሮች ተደረደሩ።
ሙሽራዋ ጥፍር ታክላለች፤ ሃያ ምስል ይፈጅባታል
እጇን ከጉልበቷ ለማንሳት።
ከፊልሙ ሁሉ የባሰ የተጫረው ይኸው ነው፤ ሺህ ጊዜ የዞረ ይመስላል፤
ሌላው ያላየውን ሠርግ፣ ማን ሺህ ጊዜ አይቶታል?

ወይዘሮ ሻራዳማ ጭረቱን አዩት። ባላቸውንም አዩ።
ወደ ድንቻቸው ተመለሱ።

እኩለ ሌሊት ላይ ወጣሁ። ቁልፌን ስዳስስ በጨለማ
"ካናዳ" አልኩ፣ ለራሴ፣ ማንም ሳይሰማ።
ጠበቀብኝ።