ሆደ ሰፊው

ሴት ልጁ ናት ያመጣችው፣ ማክሰኞ ለት፣ በጭነት መኪና፣
ደብል ቤዙን በብርድ ልብስ ጠቅልላ፣ አሮጊት የምታሳክም ሆና።
«ሽጥልኝ» አለች፣ «እኔ ቤት ቦታ የለኝ፤
ኮሪደሩን ዘግቶ ሲቆም፣ ሰው የቆመ መሰለኝ።»

የምሠራው እዚህ ነው፣ ቡፋሎ፣ ብሮድዌይ ላይ፣
በረዶው ከሐይቁ ተነስቶ እንደ ዱቄት ከሚነፋበት ሰማይ፤
ከሽማግሌው ዚግመንት የወረስኩት ሱቅ፣
ዕድሜዬን የፈጀሁበት ሙጫ ሳሞቅ፣ እንጨት ስፍቅ።

አጋደምኩት። ሆዱን በመብራት ጎበኘሁ፤
በጥርስ ሐኪም መስታወት ጥጋጥጉን አየሁ።
የሆባርት ጌይንስ ዕድሜ እዚያ ነበር የተለጠፈው፣
በዚግመንት እርሳስ፣ በየጥገናው ቀን የተጻፈው።
ሆድ ይፍጀው የተባለውን ሁሉ፣ ይሄ ሆድ ሳይፈጅ አቆየው።

«አምሳ ሦስት፣ ኅዳር። ድልድዩ ተሰበረ።
ባለቤቱ ብረት ፋብሪካ ነው፤ ሌሊት ይጫወት ጀመረ።»

ቀን የጋለ ብረት፣ ማታ የክር ስለት፤
ጣቱ በፀሐይም በጨረቃም የሚላጥበት።
ክሩ ያኔ አንጀት ነበር፣ የምር የበግ አንጀት፤
ሰዎቹ «አንጀቴን በላው» ሲሉ፣ አልነበረም ተረት።

«አምሳ ስምንት። አንገቱ ተሰብሯል፤ ቶሊዶ፣ አውቶቡስ ጣቢያ።
ከሻንጣ ጋር ጫኑብኝ ይላል። ክፍያ፦ በዱቤ፣ እስከ ሚያዝያ።»

መለከት ነፊው መለከቱን በብብቱ ሸጉጦ ይሄዳል፤
ሆባርት ግን፣ ሲያገኝ፣ ለሁለት ሰው ትኬት ይቆርጣል።
ሌሎቹ ወደ መብራቱ ሲወጡ በየተራ፣
እሱ ከኋላ ነው፣ አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት፣ አራት ሲሠራ።
ጭብጨባው በነሱ በኩል አልፎ፣ እሱ ጋ ሲደርስ ደክሞ፣
«ቆሞ ቀር» ብለው ቢያሙትም፣ እንጀራውን በላ፣ ቆሞ።

«ስልሳ አንድ፣ ሰኔ። የሆድ ስንጥቅ፣ ከላይ እስከ ታች።
ቶሮንቶ ሸክላ ሊቀዳ ነበር፤ ቀኗ አለፈች።»

በሱ ቦታ ሌላ ሰው ቆመ። ሸክላው እኔ ጋ አለ፤
ቆንጆ ነው። ሥር ሥሩን ስፈልግ ግን፣
ቤቱ ያለ መሠረት ተንጠለጠለ።

ከዚያ አሥራ አራት ዓመት ባዶ እንጨት። ምንም የለም።
ልጅቱን ጠየቅኳት። «ኤሌክትሪኩ መጣ» አለች፣ «እሱም ዝም።
ክለቦቹ አንድ በአንድ ተዘጉ፤ ፋብሪካው ደግሞ ሁለት ፈረቃ፤
እናቴ ቬልማ አንገቱ ላይ ካልሲ ታሰጣበት ነበር፣ እንደ ተራ ዕቃ።»

«ሰባ ስድስት፣ መጋቢት። አዲስ ክር፣ የብረት።
ፋብሪካው አሰናብቶት እየሳቀ መጣ። ምናልባት ትኩሳት።»

ትኩሳት አልነበረም፣ ዚግመንት።
ሐሙስ ሐሙስ፣ ምድር ቤት ውስጥ፣ ሃያ ሁለት ዓመት፤
ሰሚው ዘጠኝ ሰው፣ መጠጥ ቀጂውን ስትጨምርበት።
አንዱን ሐሙስ እኔም ነበርኩ፤ ቢራዬን ረሳሁት፣
እግሬ ማንን ሳያስፈቅድ ወለሉን ሲመታ አገኘሁት።
ምት ስቶ አያውቅም ይላሉ አብረውት የሠሩ። አንዴ ብቻ፤
ባለፈው ጥር፣ ልቡ ላይ፣
በእንቅልፉ፣ ለብቻ።

«ቀለም ቀባው» አለች ልጅቱ፣ «ቢያምር ዋጋ ያወጣል።»
ትከሻው ላይ፣ በስተግራ፣ ቫርኒሹ እስከ እንጨቱ ተልጧል፤
የአንድ ሰው ጎን ስፋት፣
የአንድ ቀበቶ ዘለበት ጭረት፣
አርባ ዓመት ተደግፎ በላብ የጻፈው።
የትኛውም ሸክላ ላይ የለ። ስሙ እዚህ ነው።

አልቀባሁትም።
ወፍራሙን ክር ብቻ አንዴ ሳብ አድርጌ ለቀቅኩት።
መደርደሪያው ላይ፣ በቆርቆሮ ጣሳ ውስጥ፣ ብሎኖቹ ተንጫጩ፤
መስኮቱ የያዘውን በረዶ አራገፈ፤
ልጅቱም፣ ሂሳቡን ተቀብላ ልትወጣ የነበረችው፣
እጇ የበሩ እጀታ ላይ እንዳለ፣
ቆማ ቀረች።