ገጽ አንድ መቶ ሠላሳ ሰባት

ኩር ከተማ፣ ቤተ መጻሕፍት፣ ምድር ቤት ነው ሥራዬ፤
ላጲስ ነው መሣሪያዬ።
ተማሪ ያሰመረውን፣ ቄስ የተጠራጠረውን፣
ጎረምሳ ጥግ ፈልጎ ልብ ሥሎ የቀበረውን
አሽቼ አጠፋለሁ፤
ፍርፋሪውን እፍ ብዬ መደርደሪያው ላይ እመልሳለሁ።

ኅዳር ነው። የራይን ጭጋግ መስኮቱ ሥር ተኝቷል።
ከሀንጋሪኛ የተተረጎመ ልብ ወለድ እጄ ገብቷል፤
ሽፋኑ የተላጠ፣ ገጹ ሻይ የጠጣ።
ላነበው አላሰብኩም፤ ላጲሴን ይዤ ስመጣ
ገጽ መቶ ሠላሳ ሰባት ላይ አንዲት ቃል ተሰርዛ፣
ሌላ ቃል በእርሳስ ቆማለች፣ ከላይዋ፣ አንገቷን መዝዛ።
ጀርመንኛ አይደለችም።
ሀንጋሪኛም አይደለችም።
ላጲሱን አነሣሁ፤ እጄ ግን እሺ አላለችም።

በሳምንቱ ያው መጽሐፍ ከቱሲስ ተልኮ መጣ፤
ከኢላንዝ ሌላው ወጣ፤
ሦስተኛው ከዳቮስ፣ ከሳንባ ሐኪም ቤት፣ መድኃኒት መድኃኒት የሚለው፤
ያው ገጽ፣ ያው መሥመር፣ ያችው ቃል፤ ያው አንድ እጅ ነው የጻፈው።

«ባርላ ናት» አለች አለቃዬ ፍሉሪና፣ መነጽሯን አውልቃ፤
«ባርላ ካዱፍ። ሞተች እኮ፤ ወንበሯ ላይ፣ ጫማዋን አጥልቃ።»

የሐዲድ ጠባቂ ልጅ ናት፣ ከላይኛው ሸለቆ፤
በሮማንሽ ጡት ጠብታ በጀርመንኛ የተገረፈች፤
ቡዳፔስት በታንክ በታረሰች በዓመቱ፣ አንድ ቁልፍ ሠሪ ርቆ፣
ምድር ቤታቸው ቢከራይ፣ ሲያጉረመርም እየሰማች ቋንቋውን የለቀመች፤
መጀመሪያ መዶሻን፣ ቀጥሎ እርግማንን፣
ቀጥሎ ሰክሮ ብቻ የሚጠራውን የወንድሙን ስም፤
ሰዋስውን መጨረሻ፤ እሱንም ሙሉውን አይደለም።

ለገጽ ሦስት ፍራንክ ተኩል።
የኩሽና ጠረጴዛ፤ ድንቹ በዚያ በኩል፣ መዝገበ ቃላቱ በዚህ በኩል።
ረቂቋን በግብር ደረሰኝ ጀርባ ላይ ትጽፍ ነበር፤
ስሟ ገጽ አራት ላይ፣ በደቃቅ፣ ከወረቀት ፋብሪካው ስም ሥር።
የራሷ መጽሐፍ አንድ ነው፤ ቀጭን፤ አራት መቶ ቅጂ ታትሞ
ሦስት መቶው አልጋዋ ሥር አረጀ፣ ከአቧራ ጋር ተስማምቶ፣ ከርሞ።
እስከ ሺህ ዘጠኝ መቶ ሰባ አንድ ድምፅ ያልነበራት ሴት
ለሃያ ሦስት ወንዶች ድምፅ ሰጠች፤
አንዱ ብቻ ላከላት የፖስታ ካርድ፣ ያውም በስሕተት።

ቃሏስ? ሌሊት ከጣሪያ ላይ በረዶ ሲንሸራተት የሚሰጠው ድምፅ ናት።
በልብ ወለዱ እናትየዋ ትሰማታለች፤ የልጇ እርምጃ መስላት
ተነሥታ በር ትከፍታለች።
ሀንጋሪው ለዚህች ድምፅ ቃል አለው። ጀርመኑ የለውም።
ባርላ ቦታዋን ባዶ ተወች።
ከዙሪክ ዶክተር ኤገንበርገር፣ አርታኢው፣ ቸኩሎ
ቀዳዳውን ደፈነው፣ «ጫጫታ» ብሎ።
ጫጫታ! ለጫጫታ ማን በር ይከፍታል?
ጻፈችለት። መለሰ፦ «ለአንዲት ቃል ማተሚያ ቤት ይቆማል?»

ማተሚያው አልቆመም፤ ባቡሩ ግን ነበር።
በጡረተኛ ቅናሽ ቲኬት፣ ከከተማ ከተማ፣ በሹል እርሳስ፣ ያለ ግርግር።
የጻፈቻት የእናቷ ቃል ናት፣ የአንድ መንደር ብቻ።
«ማን ይረዳሻል?» ቢሏት፣ «አንባቢው ይቆማል» አለች፤
«ቆሞ ያደምጣል፤ ይበቃኛል እሱ ብቻ።»

ፍሉሪናን ጠየቅኳት፣ «እንዴት ነው የሚነበበው?»
«የእኛ ሸለቆ አይደለችም፤ እኔም በዓይን ብቻ ነው የማውቀው።»

መመሪያው «ማናቸውም ጽሑፍ» ይላል። ማናቸውም።
ሦስቱን እንዳሉ መለስኩ። ለማንም አልነገርኩም።
አራተኛው ከግላሩስ መጣ። ንጹሕ። ሳትደርስበት ሞታ፣
ከነማኅተሙ ጠረጴዛዬ ላይ ተኝቷል፤ ዝም ያለ ጫጫታ።

የካቲት፣ ሌሊት፤ ነፋሱ ከደቡብ ሞቅ ብሎ ወጣ።
ከጣሪያው አንድ ነገር ተላቀቀ፤ ዝግ ብሎ፣ ጫማውን እንደሚያወልቅ ሰው፣ መጣ።
የምጠብቀው ሰው የለኝም።
በሩን ከፍቼ አገኘሁት ራሴን፣ በባዶ እግሬ፣ መብራት ሳላበራም።

ጠዋት፣ ከሥራ በፊት፣ እርሳስ ቀረጽኩ።