ልምጭ

ዛፍ ልንቆጥር ሄድን፣ ሦስት ሰው በጀልባ፣
ግንቦት ሊያልቅ ሲል ነው፣ ሰኔ ሳይገባ።
እኔ ሜትር ያዥ ነኝ፤ ደብተሩ ከዓይናለም፤
ከሞተሩ በቀር የሚናገር የለም።
አያ ቢምረው ከፊት፣ የዚያው የዘጌ ልጅ፣
ጫካውን የሚያውቀው እንደ ጎረቤት ወዳጅ።

ዋንዛውን አቀፍነው፣ ወገቡን ለካነው፤
ብርብራውን፣ ሰሳውን፣ በቀለም ቆጠርነው።
ዶቅማው ከሐይቁ ዳር ሥሩን ነክሮ ቆሟል፤
እሱም ተለክቶ ከደብተር ላይ ሰፍሯል።

ከሥራቸው ደግሞ፣ ከጥላው ውስጥ ጥላ፣
ክንዴን የማያህል፣ ወገቡ የላላ፣
ቆሟል አንድ ቀጭን፣ ቅጠሉ ጥንድ ጥንድ፣
መንገድ የሚለቅቅ ለትልልቁ ግንድ።
«ይኼስ?» አልኋት። እሷም፣ ዓይኗ ከወረቀት፣
«ካምስት ሳንቲ በታች ዛፍ አይባል፤ እለፋት።»

አያ ቢምረው ዝም። አንድ ቅጠል ቀጥፎ፣
ከዓይኔ ፊት ያዘልኝ ከፀሐይ አሰልፎ።
በመርፌ እንደ ተወጋ ብርሃን ያፈስሳል፤
ወንፊት ነው እንዳልል፣ ሲያሹት ይሸታል፤
ሎሚ ነው ስል፣ ወዲያው እንስላል ይሆናል፣
ትንሽ ቆይቶ ደግሞ ምላስ ላይ ይመራል።

«ልምጭ ነው» ሲለኝ ግን ባቴን አሳከከኝ፤
ሰባት ጊዜ ስምንት ካፌ ጠፍቶብኝ፣
ጋሽ አስረስ በልምጭ ያስታወሱኝ ቀን፣
ሃምሳ ስድስት ማለት ሰንበር መሆኑን።

አያ ቢምረው በጣቱ ዝቅ ብሎ አሳየኝ፤
ከቅጠሉ ጀርባ የወፍ ኩስ የመሰለኝ
ትል ነው ለካስ፤ ቆዳው ጥቁርና ነጭ፤
ሎሚ በሌለበት እንጀራው ነው ልምጭ።
ክንፍ ያወጣ ለታ፣ ጥቁር በቢጫ ለብሶ፣
የዋንዛውን አበባ ይዞራል ቀማምሶ።
ለዋንዛው ሠርግ ሚዜ የሚላከው ታዲያ
ከዚች ጓዳ ወጥቶ ነው፣ ከቅጠሏ ማደሪያ።

ፍሬዋን ዋኔ ይለቅማል፣ ጦጣም ይሻማል፤
ዋኔም ከላይዋ አርፎ የሌላ ዘር ይጥላል።
ይህ የለካነው ሁሉ፣ ይህ ሁሉ ግንዳም፣
ከእግሯ ሥር ነው ያደረ፣ ፍሬ ሳለ፤
ያኔ ማንም ሜትር አልያዘለትም።

ዓመት ቆይተን ዞርን። ቁጥሩ አልጎደለም፤
ዋንዛው አለ፣ ሰሳው አለ፤ የወደቀ የለም።
ዓይናለም ደስ ብሏት «ሙሉ ነው» ብላለች፤
ለኔ ጆሮ ግን አንዲት ነገር ጎድላለች።
ከሥር ተመንጥሯል፤ ለጭራሮ፣ ለአጥር፣
ቀጭን ቀጭኑ ሁሉ፣ የማይገባው ከቁጥር።
ወፉ ሽቅብ ያልፋል፤ የሚያርፍበት የለም፤
ከዋንዛው ጥላ ሥር ችግኝ አልበቀለም።
አያ ቢምረው ጉቶዋን በጫማው ጫፍ ነካ፤
«ዛፉማ አለ» አለ፤ «የጎደለው ጫካ።»

ዘንድሮ፣ ባሕር ዳር፣ ከመናኸሪያው በር፣
አንሙት የሚሉት ልጅ መፋቂያ ሲቸረችር፣
እሽጉን በውሃ አርሶ፣ በላስቲክ ጠቅልሎ፣
«ልምጭ ነው፣ የዘጌ፣ ጥርስ ያነጣል» ብሎ
ሰጠኝ። አምስት ብር። ቆሜ አኘክሁት።
ሎሚው ቀድሞ መጣ፤ እንስላሉን ጠበቅሁት፤
መጣ። አውቶቡሱ ጥሩንባውን ነፋ፤
ረዳቱ ጮኸብኝ፤ እኔ እንጨት ስተፋ።
«ነቅለኸው ነው?» አልሁት። ሳቀብኝ፤ «አይ ጋሼ!
ጉቶው አቆጥቁጦ፣ ከሱ ላይ ቀንሼ።»

ማታ ደብተር ከፈትሁ፤ ከዝርዝሩ ግርጌ
ባዶ መስመር ነበር፤ ጻፍሁ፦ ልምጭ፣ ዘጌ።
ውፍረት፦ እንደ አውራ ጣት። ብዛት፦ አላወቅሁም።
ጋሽ አስረስ ቢገርፉኝም፣ በግምት አልሞላውም።