ውሻህን እሰርልኝ

ኢዝሚር፣ ካርሺያካ፣ ከጀልባው ጣቢያ እልፍ ብሎ፣
ዳቦ ጋጋሪው ረምዚ ሊጡን ጠቅልሎ
ምድጃው ፊት ቆሞ ሰሊጥ ይነሰንሳል፤
ከጓሮው ክፍል ውስጥ ልጁ ቱንች ይተኩሳል፣
ዱቄት በለበሰ ባሮጌ ኮምፒውተር፦
ቀን የሒሳብ መዝገብ፣ ሌት የጦርነት ምድር።

ይሞታል። ይነሣል። እንደገና ይሞታል።
ከግድግዳ ኋላ አንድ ሰው ያየዋል።
ጥግ ይዞ ቢደበቅ፣ ትንፋሹን ቢውጠው፣
ጥይቱ ግንብ አልፎ እዚያው ላይ አገኘው።
አጭበርባሪ በዝቷል፤ ገንዘብ ከፍሎ ገዝቶ
ግንብ የሚያሳልፍ ዐይን ጨዋታው ላይ ሰክቶ።

ቱንች ግን ናቀው፤ ማታለልን ጠላ፤
«ጋሻ» የሚባል ሞድ አገኘ በኋላ።
«ካጭበርባሪ ሁሉ እጠብቅሃለሁ፣
ዋጋም አልጠይቅም፣ ሌት ተቀን አለሁ፤
አንድ ነገር ብቻ፦ ጸረ-ቫይረስህን
ሳልገባ አጥፋልኝ።»
                    (እሰርልኝ ውሻህን።)

አጠፋው።
ዐሥራ አራት ዓመቱ ነው። እኔም ባጠፋሁ ነበር።

እኔ ከጎረቤት ኮምፒውተር ጠጋኝ ነኝ፤
ማክሰኞ ማለዳ ረምዚ ቀሰቀሰኝ።
ምድጃው አልጋለም። ይህን አይቼ አላውቅም፣
በሃያ ሁለት ዓመት አንድ ቀን አልቀረም።
የዱቄቱ ነጋዴ «ገንዘቤስ?» ብሎ ጭነቱን መልሷል፤
የባንኩ መዝገብ ግን ከሌሊቱ ዘጠኝ «ተልኳል» ይለዋል።
ለማን?
ስም ለሌለው፣ አገር ለሌለው ሰው።

ማሽኑን ከፈትሁ። ጨዋታው ደህና ነው፤
አጭበርባሪ የለም፤ «ጋሻ» ሥራ ላይ ነው፦
የሚነካውን ቁልፍ አንድ ባንድ ይቆጥራል፣
የይለፍ ቃሎቹን ሲጻፉ ያነባል፣
በካሜራው ቀዳዳ ምድጃውን ያያል።

ቱንች ከባዶ ጆንያ ላይ ተቀምጦ
ጥፍሩን ይነክሳል፣ ፊቱ ተለዋውጦ።
«ላሸንፍ ብዬ እኮ አልነበረም» አለ፣
«እኩል እንድንሆን ነው…» ድምፁ ተንጠለጠለ።

ረምዚ እጁን በሽርጡ አበሰ፤ የሚታበስ ዱቄት ግን አልነበረም።
«ያ በግንብ የሚያየው፣ የገደለህ ማታ፣
እኛን በየት በኩል አየን?» አለ በዝግታ።
ቱንች አልመለሰም። እኔም አልመለስሁ፤
የኔትወርኩን ገመድ ከግድግዳው ነቀልሁ።

የመጀመሪያው ጀልባ ጡሩምባውን ነፋ።
ከሥጋ ቤቱ ጎን፣ ከኬክ ቤቷ ሴትዮ፣
ሁለት ኬሻ ዱቄት በብድር መጣና
ምድጃው ተለኮሰ። «ና ልጄ» አለው፣ «ና
እጅህን ታጠብ፣ አቡካ።»
ያቦካል።
ሊጡን ገልበጥ፣ ጫን ያደርግና
ዞር ብሎ ግድግዳውን ያያል።
ደግሞ ያቦካል።
ደግሞ ዞር ይላል።