ይግባኝ ባይ

ከደሴ ፍርድ ቤት በር፣ ከባሕር ዛፉ ሥር፣
ጃንጥላዬ ቅዳዳ፣ ወንበሬ ሦስት እግር፣
ሰው ሆዱን ሲያወራኝ፣ በገጽ እየቆጠርሁ፣
አቤቱታ ስጭር ስንት ክረምት ኖርሁ።

ጦሳ ጉሙን ሳያወልቅ፣ አንድ ቀን ማለዳ፣
መጣች ሉባባ ይማም፣ ልክ እንደ ባለዕዳ።
"አንድ ይግባኝ ጻፍልኝ" አለችኝ ቆማ ሳለች፤
መቀመጫ ብሰጣት፣ "ሲፈረድ" አለች።

ነገሩን ሰምቻለሁ።
ከሰኞ ገበያ ሽቅብ፣ ከቆርቆሮ አጥር ውስጥ፣
ለግንበኛ፣ ለወዛደር፣ ሽሮ ነበር የምትሸጥ፤
በርበሬውን ከእንድሬ፣ በኪሎ፣ በዱቤ።
አንድ ረቡዕ እኩለ ቀን፣ ዘጠኝ ሰው በላ ከቦ፤
ሙሄ የሚሉት ጎልማሳ፣ ጉርሻውን ካፉ ያዘና
አላኘከም፣ አልዋጠም፤ በምላሱ አደመጠው።
"ልጆች" አለ ቀስ ብሎ፣
"ይሄኮ በርበሬ አይደለም፣
የኛው ጡብ ነው፣
ከጧት ጀምሮ ስጠርበው፣
ጣዕሙን አጥቼው ነው?"
ሳቁ።
አንዱ ግን አልሳቀም፣ ሆዱን ይዞ ወጣ።
ማታ ሦስቱ ቦሩ ሜዳ፣ ሆስፒታል ተኙ።

ክስ ተከፈተ፦ "ባዕድ ነገር ቀላቅሎ፣ ለሰው ምግብ በማቅረብ።"
ሉባባ ማለች፣ መሰከረች፤ ሦስተኛ ምስክር።
ምርመራውም "የሸክላ ብናኝ አለበት" ብሎ መጣ፤
ግን ናሙናው መንገድ ላይ ማኅተሙ ላልቶ ኖሯል፣
ማን ፈታው? መቼ ተፈታ?
መላሽ ጠፋ ከችሎት።
ዳኛው ካቀረቀሩበት፣ "ዐቃቤ ሕግ አላስረዳም" አሉ፣
ዘጉ መዝገቡን።
ነጻ ወጣ እንድሬ፣
ንጹሕ ሳይወጣ በርበሬ።

"ሉባባ" አልኋት፣ "ስሚኝ፤ ብዕሬን አታምኚው።
ከሳሹ መንግሥት ነው፣ አንቺ አይደለሽ ያመጣሽው፤
በነጻ በተለቀቀ ሰው ይግባኝ የሚል አንድ ነው፣
ዐቃቤ ሕግ። ለሱም ቢሆን ቀኑ የተቆጠረ ነው።
አንቺ ምስክር ነሽ። ምስክር ያየውን ተናግሮ፣
ነጠላውን አጣፍቶ፣ ቤቱ ይገባል ዞሮ።"

"እንድሬ ቢፈረድበትስ፣ ይግባኝ ይል ነበር በስሙ?"
"አዎ።"
"እኔ ስረታ ግን፣ አፌ በሰው አፍ ነው?"
ዝም አልሁ። ብዕሬን ከፈትሁ፣ ከደንሁ።
"ይግባኝ ስልህ" አለችኝ፣ "የሕጉን ቃል ተወው፤
እንዲገባኝ ነው የምለው።
ጡቡ ገብቷል ከሆዳችን፣
ዕዳው ገብቷል ከቤቴ፣
የዳኛው ቃል ብቻ ነው
ደጅ የቀረው፣ ያልገባኝ።"

ወደ ዐቃቤ ሕጉ ወጣን። ልጅ እግር ነው፣ ጨዋ፣
የመዝገቡ ቁልል ከፍታው ከትከሻው ይበልጣል።
"አየዋለሁ" አለን፣ ቀና ሳይል።
ስንወርድ ደረጃውን፣ ሉባባ ጠየቀችኝ፣
"አየዋለሁ ማለት፣ በናንተ ቋንቋ መቼ ነው?"

ጻፍሁላት በመጨረሻ። ይግባኝ አይደለም የጻፍሁት።
"ጉዳዩ፦ ይግባኝ እንዲባልልኝ ስለመጠየቅ" አልሁት።
ሁለት ገጽ ሞላ። ከቀሚሷ ቋጠሮ ብር ስትፈታ
"ተይው፣ በ..." ብዬ ጀመርሁ፣ በነጻ ልላት፤
ቃሉ ጉሮሮዬ ላይ እንደ ጠጠር ቀረ።
የአንድ ገጹን ተቀበልኋት።

በነጋታው ተመልሳ ብርጭቆ አኖረች ጠረጴዛዬ ላይ፤
ውሃ ሞልታ፣ ከእንድሬ ሱቅ ዛሬ ጧት የገዛችውን
አንድ ማንኪያ ነስንሳበት።
በርበሬ የሆነው ሲንሳፈፍ፣ ያልሆነው ታች ዘቀጠ፣
ቀይ፣ ከባድ፣ የማይላወስ።
"ይሄን" አለች፣ "አባሪ አድርግልኝ።"

ብርጭቆ በምን ይሰፋል? በምን ማኅተም ይታሸጋል?
ከማመልከቻው ግርጌ ጻፍሁ፦
"አባሪ፣ አንድ ብርጭቆ። ከጸሐፊው ዘንድ ይገኛል።"

ይኸው ይገኛል።
ዝናብ ሲመጣ በጃንጥላዬ እከልለዋለሁ፤
ሙሄ በሥራው መንገድ ሲያልፍ፣ ጎንበስ ብሎ ያየውና
"እንዳትነቀንቀው" ይለኛል።