የጅብራ ወተት

ሥራሽ ምን ነው ሲሉኝ፣ "የአይጥ በጠጥ ለቀማ"፤
ሳቁን ለቀቀብኝ የወገል ጤና ከተማ።
ጋሽ ሙሄ ግን አልሳቀም፤ ምርኩዙን ጨብጦ
ወደ ጋራው መራኝ፣ ገበያውን አቋርጦ።

ጉልበቱ አይዘረጋም። ልጅ ሳለ፣ ሰማይ ሲደርቅ፣
ጓያ ብቻ ነበር ከስንጥቁ የሚስቅ።
ሦስት ወር በላ ጓያ፣ ሦስት ወር ጠገበ፤
አንድ ጧት ሲነቃ እግሩ ተሰበሰበ።

ከጓሳው መሀል ወጥታ አንዲት ቡናማ አይጥ
የጅብራ ቅጠል ነክሳ አየናት ስታላምጥ፤
ፍየል የሚሸሸውን፣ በቅሎ የሚጥለውን፣
እሷ ቁርስ አድርጋው ትሞቃለች ፀሐዩን።
ወተቱ ከጢሟ ላይ ገና አልደረቀም።

ጋሽ ሙሄ ዱላውን ተከለ።
"መርዝ በልታ ትሮጣለች፣ ወላሂ" አለ።
ቆየት ብሎ፦
"እኔ እኮ እህል ነበር የበላሁት።"

ሆድ ከሀገር ይሰፋል ይባል የለም እንዴ?
ተረት ይመስለኝ ነበር፣ እስካየው በዘዴ።
በሷ ሆድ ውስጥ፣ ጋሽ ሙሄ፣ ዐይን የማያያቸው
ነዋሪዎች አሉ፣ አገር ነው ሆዷ ላላቸው፤
መርዙ ሲመጣባቸው ይወጣሉ በደቦ፤
አንዱ ይፈታዋል፣ ሌላው ይልሰዋል ሰብስቦ።
እሷም አልፈጠረቻቸው፤ ከናቷ ወርሳለች፤
ገና ዐይኗ ሳይገለጥ በጠጧን ልሳለች።

ይህን ነገርኩት። የቀረውን ግን፦

አምና አንዷን ደሴ ወስጄ ነበር።
ዳቦ፣ የተፈተገ ስንዴ፣ የተጣራ ውኃ።
ወፈረች። ፀጉሯ አበራ።
በሰኔ ከዚሁ ጋራ ጅብራ አምጥቼ ሰጠኋት፤
ሁለት ጊዜ ነክሳ በግራ ጎኗ ተኛች።
ነዋሪዎቿ በዳቦ ዘመን
አንድ ባንድ አልቀው ኖሯል፣ ቤቱ ወና ነበር።
የጋራ ዘመዶቿን በጠጥ በውኃ በጥብጬ
በጠብታ አጎረስኳት።
በአራተኛው ቀን ቆመች።

ቆመች፣
ይህንን ቃል ለሱ እንዴት እላለሁ?
እግሩን ያየሁ እኔ፣ ሆድ ይፍጀው ብያለሁ።

ሲመሽ ተጎንብሶ፣ በሁለት ጣቱ እየለቀመ
ብልቃጦቼን ሞላ፤ ክዳን ክዳናቸውን ገጠመ።
አሥራ ሰባት ቆጠረ። በጋቢው ጫፍ ጠራርጎ
ከሻንጣዬ አኖረ፣ እንደ እንቁላል አድርጎ።

"ይሄን ሁሉ ሀገር ተሸክመሽ" አለ፣
ድንጋዩን በዱላው እየፈተሸ ከኋላዬ፣
"ቀስ ብለሽ ውረጂ።"